ቧንቧም ያልበዋል

ፍራሹ ከስር ሞቀ።

ሆሳዕና መጀመሪያ የመሰላት ሰው ሻይ ደፍቶ ነው። ዙሪያዋን ቃኘች። በሳሎኑ ጥግ ጥግ በተዘረጉት ፍራሾች ላይ የተደረደሩት ሴቶች ብርጭቆአቸውን ከነሻዩ ይዘዋል፤ የደፋ የለም። ከጎኗ እናቷ ንጋቷ ጥቁር ሻሿን እስከ ቅንድቧ ስባ ዓይኗን ጨፍናለች። ሙቀቱ ግን እየሰፋ፣ ቀሚሷን እያለፈ መጣ። ሆሳዕና በዩኒቨርሲቲው ቴፒ ግቢ ውስጥ ምጣኔ ሀብት የምታስተምር፣ ተማሪ የሚፈራት ሴት ናት። በዚያች ቅጽበት ግን ወደ ልቧ የመጣው ጥያቄ የሕፃን ልጅ ጥያቄ ነበር፤ «እኔ ነኝ እንዴ?»

ብድግ ስትል እትዬ ሰርካዲስ የቀሚሷን ጀርባ አዩት። የግራ ጎረቤታቸው ናቸው፤ እሳቸው ያላዩት ነገር ሰፈሩ ውስጥ ተፈጽሞ አያውቅም። አዩና ወዲያው ዓይናቸውን ወደ ጣሪያ ሰቀሉ።

«እግርሽን ደንዝዞሽ ነው። ሂጂ፣ ተንቀሳቀሺ ልጄ» አሉ፣ ማንም ሳይጠይቃቸው።

ነጠላዋን ወገቧ ላይ አሸርጣ ወጣች። አባቷ ከተቀበረ ገና ማግስቱ ነው። ያለፈው ቀን ለቅሶ ድምፅዋን ዘግቶታል፤ የዛሬው ደግሞ ቀሚሷን አርጥቦ ጀመረ።

ውሃው የሚመጣው ከግድግዳው ማዶ፣ ከሻወር ክፍሉ ነበር። ከቦይለሩ ወርዶ የግድግዳውን ግርጌ ይዞ ወደ ማድ ቤት የሚሄደው ብረት ቧንቧ ማጠፊያው ላይ ያፈሳል። ማንጠባጠብ እንኳ አይደለም፤ ቀጭን ክር ሆኖ ይወርዳል። ማጠፊያው በብስክሌት የውስጥ ጎማ ቁራጭ ተጠቅልሎ በሽቦ ተጠፍሯል። የአባቷ እጅ ሥራ ነው። ከስሩ ያለው ሳፋ ሞልቶ፣ ወለሉን አጥለቅልቆ፣ በግድግዳው ስር ወደ ሳሎን መንገድ አግኝቷል። ሳፋውን ጠዋትና ማታ የሚደፋው ራሱ አባቷ ነበር። ከሞተ ወዲህ የደፋው የለም። በዚያ ላይ ማድ ቤት ያሉት ሴቶች የለቀስተኛውን ዕቃ ለማጠብ ሙቅ ውሃውን ከጠዋት ጀምሮ ሲስቡት ነው የዋሉት።

የቧንቧ ሠራተኛ ሞቶ፣ ልቅሶው ላይ የገዛ ቤቱ ቧንቧ ያፈሳል። ነገሩ ለቀልድ እንደሚመች ሆሳዕና ወዲያው ገባት። ለዚህም ነው ፊቷ የጋለው።

ሳፋውን ደፋች። የቦይለሩን መብራት አጠፋች። ያገኘችውን ፎጣ ሁሉ በግድግዳው ስር ጠቀጠቀች። ዋናውን መዝጊያ ልትዘጋ አሰበችና ተወችው፤ አባቷ ቤቱን በሙሉ በአንድ መዝጊያ ነው የሠራው፣ እሱ ከተዘጋ ማድ ቤቱም ይደርቃል፣ ማድ ቤቱ ከደረቀ ደግሞ ሃምሳ ሰው «ምን ሆነ?» ብሎ ይጠይቃል። የቦይለሩ የራሱ መዝጊያ እጀታው ከተሰበረ ቆይቷል፤ የቀረው በፒንሳ የተበላ ጉጥ ነው። ሞከረችው። ንቅንቅ አላለም።

ስልኳ ጮኸ። የትምህርት ክፍላቸው ጸሐፊ ናት።

«ሆሲ፣ አይዞሽ እሺ? ሸኮን አልፈናል። ግቢው ሰርቪስ ሰጥቶን ብዙ ሆነን ነው የመጣነው።»

«ማን ማን አለ?»

«ሁሉም አለ። ከኢንጂነሪንጎቹም አሉ፤ ዓለምሰገድ መጥቷል።»

ሆሳዕና «እግዜር ይስጥልኝ» ብላ ስልኩን ዘጋችው። ከዚያ ሳፋው አጠገብ ቁጢጥ አለች።

አባቷ ሰፈሩ ውስጥ ስሙ ከሥራው ተለይቶ አይጠራም ነበር፤ ተረፈ ቧንቧ ነው የሚባለው። ሚዛን ላይ ሆቴል ሲሠራ ለቧንቧ ሠራተኞቹ ዕቃ የሚያቀብል የቀን ሠራተኛ ሆኖ ገባ፣ ሆቴሉ ሲያልቅ ሙያተኛ ሆኖ ወጣ። ዝናብና ብርድ በማይጠፋበት አገር ሰው ቤቱ ቦይለር ማስገባት የጀመረ ሰሞን ነበር። ጠዋት የመሣሪያ ሻንጣውን አንጠልጥሎ፣ መዝሙር እያንጎራጎረ ይወጣል። ማታ ሻንጣው ውስጥ ከመፍቻው ጋር ሙዝ፣ አቮካዶ፣ አንዳንዴም አፈሩ ያልለቀቀ ጎደሬ ይዞ ይመለሳል። ልጅ ሆና አብራው ስትሄድ በየደጁ «እጅህ ይባረክ ተረፈ» ይሉታል። እጁን ታየዋለች። በእውነት የተባረከ ይመስላት ነበር።

ያደገችበት ቤት ውስጥ ከእያንዳንዱ ሙቅ ውሃ ቧንቧ ስር ሳፋ አለ። የትምህርት ቤት ጓደኛዋ ቤት ሳፋ እንደሌለ አይታ መጥታ ጠየቀችው። ሳቀና ከጉልበቱ ላይ አስቀመጣት።

«እነሱ ያላቸው ቀዝቃዛ ውሃ ነው። ሙቅ ውሃ ሌላ ነው። አንቺ ስትሮጪ አያልብሽም?»

«ያልበኛል።»

«ቧንቧም ያልበዋል።»

ይህን እስካለፈው ዓመት ድረስ ስታምነው ኖረች። ቀልድ አይደለም፤ ዲግሪ ይዛ፣ ሁለተኛውንም ይዛ፣ ታምነው ነበር። አምና ቴፒ ግቢ፣ መምህራን ክበብ ውስጥ፣ ዓለምሰገድ የሚባለው የሜካኒካል መምህር ስለሚኖርበት ቤት ቧንቧ ሲያማርር ጣልቃ ገብታ፣ «ሙቅ ውሃ የሚሄድበት እኮ ትንሽ ያልበዋል፤ የተፈጥሮ ነው» አለችው። ዓለምሰገድ ማኪያቶውን አስቀመጠ። እንባው እስኪወርድ ሳቀ። ጠረጴዛው ሁሉ ተከተለው። «ማን ነው ይህን ያስተማረሽ?» ብሎ ጠየቃት። አባቴ ማለት ነበረባት። «የሆነ ቦታ አንብቤ ነው» አለች። ያን ሴሚስተር ሙሉ ክበቡ ውስጥ ስሟ «ያልበዋል» ነበር። አባቷ የተከራየችውን ቤት ቧንቧ ላይልሽ ልምጣ ባለ ቁጥርም «አከራዬ አሠርቷል» ማለት የጀመረችው ከዚያ ወዲህ ነው።

ያ ሰው ነው እንግዲህ አሁን ሸኮን አልፎ የሚመጣው።

ድንኳኑ ውስጥ ወንዶቹ ካርታ ይጫወታሉ። የእድሩ ሰብሳቢ ጋሼ በላይነህ ጡረታ የወጡ የሒሳብ መምህር ናቸው፤ ሆሳዕናንም አስተምረዋታል።

«ጋሼ፣ ልቅሶ ቤት እንኳ ይሰርቃሉ?» ይላቸዋል አንዱ።

«አልሰረቅሁም። አንተ መቁጠር ስለማትችል ነው። ያኔም አትችልም ነበር።»

ሆሳዕና ጎንበስ ብላ በጆሯቸው፣ «ጋሼ፣ ሻወር ቤቱ ቧንቧ እያፈሰሰ ነው። የሚሠራ ሰው ፈልጉልኝ፤ ቶሎ» አለች። የተዘጋው ድምፅዋ ሹክሹክታ አልሆንላት ብሎ ተሰማ።

«ፈንታው!» አሉ ጋሼ በላይነህ።

«ፈንታው አለላችሁ» አለ ካርታ የያዘው።

«እዚሁ ነው እኮ፣ ፈንታው! ፈንታው!» አለ ሌላው ከማዶ።

ከዚያ ስሙን የጠሩት ሁሉ በአንድ ጊዜ ምን እንዳሉ የገባቸው ይመስል ካርታቸው ላይ አቀረቀሩ። ሆሳዕና ሁሉንም በየተራ እያየች ቆመች። ፈንታው የአማን ሰው ነው። አባቷ ለሃያ ዓመት ቧንቧ የሠራበት ሰፈር የሌላ ሰፈር ቧንቧ ሠራተኛ ስም ምላሱ ላይ ምን ያደርጋል?

ፈንታው ከድንኳኑ ጥግ ተነሣ። ግዙፍ፣ ቀስ ብሎ የሚራመድ ሰው ነው። ዓይኑ ቀልቷል፤ ከዘመድ እኩል ማልቀሱን ትናንት ቀብር ላይ አይታ ገርሟት ነበር። ተከትሏት ገባ። ማጠፊያው ፊት ቁጢጥ አለ። እጆቹን ወደ ኋላ አጣምሮ ነው ያየው።

«የአባዬ ሻንጣ እዚህ አለልህ» አለች።

«አልነካውም።»

«ምን ማለት ነው?»

«ይህን ቤት አልነካም። ሌላ ሰው ጥሪ።»

«ጋሽ ፈንታው፣ እንግዳ መንገድ ላይ ነው። እንቆቅልሽ የምፈታበት ጊዜ የለኝም። ቀጥ አድርገህ ንገረኝ።»

ፈንታው ወደ በሩ አየ። ሰው የለም። «ጋሽ ተረፈ የሠራውን ያልፈታሁት እዚህ ቤት ብቻ ነው» አለ።

«ሌላውስ?»

«ሌላውን… ሁሉንም።»

ውሃው ሳፋው ላይ ይንኳኳል። ሆሳዕና እስኪቀጥል ጠበቀች፤ ፈንታውም የጀመረውን መዋጥ አልቻለም።

«እሱ ይሠራል። ይከፍሉታል፣ ያበሉታል፣ ይመርቁታል። ሁለት ሦስት ቀን ይቆይና መፍሰስ ይጀምራል። ከዚያ እኔ ጋ ይደውላሉ። የምመጣው እሑድ ጠዋት ነው። እሱ ጸሎት ቤት ሲገባ እኔ ቅዳሴ ጨርሻለሁ። የእናንተ አምልኮ ደግሞ ረጅም ነው፣ እግዚአብሔር ይስጣችሁ፣ ሁለት ቤት እጨርስበታለሁ።»

«ስንት ጊዜህ ነው?»

«እኔ ሙያውን የተማርኩት እሱ ያሰረውን ስፈታ ነው እኮ። መንገድ ላይ ስንገናኝ ደግሞ ይመክረኛል። ‘ጎማውን አታሳሳ ፈንታው፣ ጎማ ጨምርበት’ ይለኛል። እሺ ጋሼ እለዋለሁ።»

«አባዬ አላወቀም?»

«አላወቀም።»

«እንዴት አያውቅም? እዚያው ቤት ተመልሶ ሲገባ ዓይን የለውም? የሌላ ሰው ሥራ አያይም?»

ፈንታው ጫማውን አየ።

«መጀመሪያ የጠራህ ማን ነው?»

«እሱን እናትሽን ጠይቂ» አለና ወጣ። ሲወጣ፣ ነፍሰ ገዳይ ይመስል፣ እጁን ሱሪው ላይ ጠራረገ።

ሆሳዕና እናቷን ከሴቶቹ መሃል አንሥታ መኝታ ቤት አስገባቻት። ንጋቷ አልጋው ላይ አልተቀመጠችም፤ ባሏ የተኛበትን ወገን እያየች ቆመች።

«ፈንታውን አንቺ ነሽ የጠራሽው?»

ንጋቷ ልጇ ምን እንደምትል ለመረዳት ጊዜ አልፈጀባትም። ወዲያው ፊቷ ላይ ድካም ወረደ።

«የመምህር በላይነህ ሚስት ታማ የተኛች ጊዜ ነው» አለች። «ገላዋን በሙቅ ውሃ ካላጠቧት እንቅልፍ አይወስዳትም ነበር። አባትሽ ሦስት ጊዜ ሠራላቸው፣ ሦስት ጊዜ ፈሰሰ። መምህሩ ሊነግሩት ሲመጡ በሩ ላይ ያዝኳቸው። አይንገሩት፣ እኔ ሰው እልካለሁ አልኳቸው። ከዚያ ሌላው ሰማ። ከዚያ ሰፈሩ ለመደው።»

«ለምን አልነገርሽውም?»

«ምን ብዬ?»

«እንደሱ ብለሽ! አትችልም ብለሽ!»

«አንቺ ነገርሽው?»

ከሳሎን አንዲት የጸሎት ቤታቸው ሴት በቤንችኛ መዝሙር ስትጀምር ተሰማ፤ ሌሎቹ ቀስ ብለው ተቀበሏት።

«ሰው ይወደዋል» አለች ንጋቷ። «ሰርካዲስ ባሏ ከሞተ ወዲህ የቧንቧዋን ሽቦ በእጇ እያላላች ነበር የምትጠራው። ሲሠራ ያወራላታል፣ ያስቃታል። ደህና ቧንቧ አበላሽተው እስኪጠሩት ድረስ የሚናፍቁት ሠራተኛ የት አለ?»

«እማዬ፣ እሱን ተይው። አሁን ውሃው ሳሎን ገብቷል። የግቢው ሰዎች ሊደርሱ ነው። ፈንታው አንድ ጊዜ ይንካው፣ ያልቃል።»

«አይነካውም።»

«ለምን?»

«ሌላው ቤት ሁሉ የፈንታው ነው» አለች ንጋቷ፤ ድምፅዋን ከፍ አላደረገችም። «ይሄ አንዱ ነው የእሱ። ይሄንንም ፈንታው ከነካው፣ ተረፈ ምን ሠርቶ ሞተ ልንል ነው? ሰው ሁሉ እዚህ ተሰብስቦ እያየ?»

«ታዲያ እየፈሰሰ ይቅር?»

«ሰው እስኪሄድ ይፍሰስ። ፎጣ ጨምሪበት።»

የሰርቪሱ ጡሩምባ ከደጅ ጮኸ።

የግቢው ሰዎች ጫማቸውን በር ላይ እያወለቁ ገቡ። ሴቶቹ ተጠጋግተው ቦታ ለቀቁላቸው። ዓለምሰገድ፣ ሌላ ቦታ የጠፋ ይመስል፣ ሄዶ ሆሳዕና ተቀምጣ የነበረችበት ግድግዳ ሥር ተቀመጠ። የትምህርት ክፍሉ ኃላፊ «እግዚአብሔር ያጽናችሁ» አሉ። ከመሃላቸው አንዱ ጸለየ። ከአሜን በኋላ፣ ልቅሶ ቤት እንደሚሆነው፣ ሁሉም የሚናገረው አጥቶ ዝም አለ። በዝምታው ውስጥ ከግድግዳው ማዶ ውሃው ይሰማል፤ ቀጭን፣ የማያቋርጥ፣ አፍረተ ቢስ።

ዓለምሰገድ ጆሮውን ወደ ግድግዳው አዘነበለ። ከዚያ እግሩን አየ። ግራጫ ካልሲው ከጣቱ በኩል እየጠቆረ ነው። ቀና ሲል ዓይኑ ከሆሳዕና ዓይን ጋር ተገጣጠመ። አባቷ ምን ይሠራ እንደነበር እዚህ ቤት ሲገባ ሳይነግሩት አይቀሩም፤ ውሃውን አይቷል፣ ክበብ ውስጥ ያለችውን ያስታውሳል። ሁሉንም ሲደምረው ፊቱ ላይ አየችው። ከአንገቷ ጀምሮ ጋለች። አሁን ይስቃል ብላ ጠበቀች። በቃ፣ እኔው ልናገረው፣ ቧንቧው ነው ልበልና ይለቅ ብላ አፏን ስትከፍት፣ እትዬ ሰርካዲስ ፊታቸው ያለውን ሙሉ ጆግ በክርናቸው ገፉት።

«ውይ! ውይ! እጄን ይቁረጠው!» ብለው ጮኹ። ውሃው ምንጣፉን አቋርጦ እስከ እንግዶቹ ድረስ ሄደ። «እርጅና! አፈሰስኩባችሁ! እኔ ነኝ ያረጠብኩት፣ ምንጣፉን ሁሉ ያረጠብኩት እኔ ነኝ!»

«ምንም አይደል እናታችን» አሉ ኃላፊው፤ እግራቸውን እየሰበሰቡ።

ከበሩ አጠገብ ያለችው ዘማሪ እትዬ ሰርካዲስን አየች፣ ግድግዳውን አየች፣ የሻይ ብርጭቆዋን ዘቅዝቃ ለቀቀችው። «ውይ፣ እኔም» አለች፤ ውሸት ስላልለመደች ድምፅዋ ተንቀጠቀጠ። ጋሼ በላይነህ ለእንግዶቹ የሚጠጣ ውሃ በባልዲ ይዘው እየገቡ ነበር። ደፉ ላይ ቆሙ። የረጠበውን ምንጣፍ፣ ሁለቱን ሴቶች፣ የዓለምሰገድን ካልሲ በየተራ አዩ፤ አስልተው የጨረሱ ይመስል ራሳቸውን ነቀነቁና ባልዲውን ከነሙላቱ በገዛ ሱሪያቸው ላይ ዘነበሉት።

«ዛሬ ደግሞ እጃችንን ምን ነካው?» አሉ፣ ክፍል ውስጥ ያስተምሩበት በነበረው ድምፅ።

እንግዶቹ ተነሥተው ቆመዋል። ሴቶቹ ጨርቅ ያቀባብላሉ፣ ይቅርታ ይጠይቃሉ፣ አንዷ ሌላዋን ትወቅሳለች። ከዚያ ሁሉ ግርግር መሃል የዓለምሰገድ ድምፅ ወጣ።

«ችግር የለም እማማ፣ የእኔ ካልሲ ቀድሞም ረጥቦ ነው። መንገድ ላይ ዝናብ ይዞን ነበር።»

በክፍቱ በር በኩል ማዶ ያለው ጓሮ ይታያል። ፀሐዩ አናት ይበሳል፤ የተሰጣው ቡና ደርቆ ይንኳኳል። ዝናብ ከጣለ ሰንብቷል። ማንም ግን «የት ያለ ዝናብ?» አላለውም። ንጋቷ ዓይኗን ገልጣ ሁሉንም ታያለች። ከዚያ ነጠላዋን ፊቷ ላይ ጣለች፤ ትከሻዋ ይነቀነቅ ጀመር፤ እያለቀሰች ይሁን እየሳቀች ከውጭ አይለይም ነበር።

ሲሄዱ ሆሳዕና እስከ ሰርቪሱ ሸኘቻቸው። ዓለምሰገድ እርጥብ እግሩን ጫማው ውስጥ እየከተተ ወደ ኋላ ቀረ።

«ያን ቀን ያልሽው…» አለና አቋረጠው።

«አባቴ ነው ያስተማረኝ» አለች። «አንብቤ አይደለም። አባቴ ነው ያለኝ።»

ዓለምሰገድ ራሱን ዝቅ አደረገ። እጇን ጨብጦ ሰርቪሱ ውስጥ ገባ።

ስትመለስ እናቷ መተላለፊያው ላይ ቆማለች። እትዬ ሰርካዲስ ማድ ቤቱ በር ላይ ቀሚሳቸውን ይጨምቃሉ፤ ጋሼ በላይነህ የአባቷን ሱሪ ተውሰው ለብሰው፣ ቁመቱ ከቁርጭምጭሚታቸው በላይ ቀርቶባቸው ወደ ድንኳኑ ይሄዳሉ።

«ፈንታውን ጥሪው» አለች ንጋቷ።

«እማዬ፣ ካልፈለግሽ…»

«ሰው ስለ እኛ ስንት ጊዜ ውሃ ይደፋል? በቃ።» ሻሿን ከቅንድቧ ወደ ኋላ ገፋች። «አባትሽ አሞት እንኳ እሑድ ቀርቶ አያውቅም ነበር። ባለፈው ወር ትኩሳት ይዞት፣ ተው ተኛ ብለው፣ የለም፣ ሰው ይጠብቀኛል ብሎ ሄደ።»

ሆሳዕና እናቷን አየቻት። ንጋቷ ፊቷን ወደ ሳሎን መልሳ ስለነበር «ፈንታው እሑድ እንደሚሠራ ያውቅ ነበር እንዴ?» ብላ ልትጠይቃት ያሰበችውን ሳትጠይቃት ቀረች።

ፈንታው በዚህ ጊዜ ወለሉ ላይ ጨርቅ አንጥፎ ተንበረከከ። ዋናውን መዝጊያ ዘጋ፤ ማድ ቤት ያሉት ሴቶች ምን ሆነ አላሉም። ሽቦውን ፈታ፣ ጎማውን አላቀቀ፣ ዝገት የበላውን ማጠፊያ በሁለት መፍቻ ይዞ አዞረው። የቧንቧውን ጥርስ በጨርቅ ጠረገ፣ ነጩን ማሸጊያ ክር ጠቀለለበት፣ ይዞ የመጣውን አዲስ ማጠፊያ አስገብቶ አጠበቀው። አልተጣደፈም፣ አልተናገረም። መዝጊያውን ሲከፍተው ቧንቧው ውስጥ ውሃው ሲያልፍ ተሰማ። ማጠፊያው ግን ደረቅ ነው። ሆሳዕና ጣቷን አስነካችው፤ ደረቅ ነው። እዚህ ቤት ውስጥ ደረቅ የሙቅ ውሃ ቧንቧ ስትነካ የመጀመሪያዋ ነበር።

ፈንታው አሮጌውን ጎማ ከወለሉ አነሣ። አጠበው፣ አራገፈው፣ አዲሱ ማጠፊያ ላይ ይጠቀልለው ጀመር።

«ምን እያደረግክ ነው?» አለች። «አያፈስም እኮ።»

«አያፈስም።»

«ታዲያ?»

«እንዲህ ነው የማደርገው፤ ሁሉም ቤት» አለ፣ ሥራውን ሳያቆም። «ጨርሼ ስወጣ ላዩን የእሱን አስመስዬ እመልሰዋለሁ። ሲመጣ ያየዋል፣ ነካ ያደርገዋል፣ ይዟል ይላል፣ ደስ ብሎት ይሄዳል። ሽቦውን ወደ ግራ ነው የሚያጠማዝዘው፣ እኔም ወደ ግራ…»

እጁ ቆመ። ጎማውን አየው። ሽቦውን አየው። ከዚህ በኋላ ከጸሎት ቤት ተመልሶ ነካ የሚያደርገው ሰው እንደሌለ ገና አሁን የደረሰበት ይመስል፣ ያን ግዙፍ ትከሻውን ግድግዳው ላይ አስደግፎ ቀረ። ከቆይታ በኋላ የጠቀለለውን ቀስ ብሎ ይፈታው ጀመር።

ሆሳዕና አጠገቡ ተንበረከከች። የጎማው ጫፍ እንዳይላቀቅ አውራ ጣቷን ላዩ ላይ ጫነች።

«ወደ ግራ ነው ያልከኝ?» አለችው።